ከወለሉ በታች ያለው የጭስ መንገድ



ጧት በሰርቪስ መኪና ወደ መሥሪያ ቤት ስንሄድ ራሳችንን ቢያመን፥ ወይ እንቅልፍ አጥተን ነው፥ ወይ ቁርስ ሳንቀምስ ወጥተን ነው እንላለን። ከእግራችን በታች ያለውን ቧንቧ የሚጠረጥር ሰው ግን ጥቂት ነው። ስለዚህ ዛሬ የናፍጣ ሚኒባስ ጭስ ከሞተሩ ተነሥቶ እስኪወጣ ድረስ በምን መንገድ እንደሚያልፍ ባጭሩ እንመለከታለን።

ናፍጣው ከተቃጠለ በኋላ ጭሱ ከየሲሊንደሩ እየወጣ፥ ጅረቶች በአንድ ወንዝ እንደሚገናኙ፥ በአንድ የብረት መሰብሰቢያ ይገናኛል። መኪናው ቱርቦ ያለው እንደ ሆነ፥ ጭሱ በዚያ ሲያልፍ መዘውሩን እያሽከረከረ ለሞተሩ ተጨማሪ አየር እንዲገባለት ያደርጋል። ከዚያም በቧንቧ ወርዶ ከወለሉ ሥር ወደ ኋላ ይጓዛል። ቧንቧው በጎማ ማንጠልጠያ የተያዘ ነው፤ በመጨረሻም ማርሚታው ድምፁን አብርዶ ጭሱን ያሰናብተዋል።

በአዳዲሶቹ መኪናዎች ላይ ደግሞ ከማርሚታው በፊት መርዘኛውን ጋዝ የሚለውጥ ካታሊስትና ጥላሸቱን የሚያስቀር ማጣሪያ ይገኛሉ። ማጣሪያው ያጠራቀመው ጥላሸት 600 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ በሚደርስ ሙቀት ተቃጥሎ ይጠራል። መኪናው ዘወትር በከተማ ውስጥ በአጭር መንገድ ብቻ የሚመላለስ ከሆነ ግን ይህን ሙቀት ሳያገኝ ይቀርና ይደፈናል። ያን ጊዜ ማጣሪያውን ቆርጦ መጣል የሚቀናቸው አሉ። ይህ ግን ወጪን መቆጠብ ሳይሆን ወጪውን በሰው ሳንባ ላይ መጫን ነው፤ በዓለም ጤና ድርጅት ሥር ያለው የካንሰር ምርምር ተቋም እ.ኤ.አ. በ2012 የናፍጣ ጭስን በሰው ላይ ካንሰር ከሚያመጡ ነገሮች መካከል መድቦታልና።

እንግዲህ በቧንቧው መገጣጠሚያ ዙሪያ ጥቁር የጥላሸት ፋና ከታየ፥ ወይም ሞተሩ ሲነሣ ያልተለመደ የፉጨት ድምፅ ከተሰማ፥ ጭሱ መንገዱን ስቶ ሊሆን ይችላልና መኪናው ወደ ጋራዥ ይሂድ። የኋላውን በር ገርበብ አድርጎ መንዳትም አደገኛ ነው፤ መኪናው ሲሮጥ ከኋላው የሚሽከረከረው ነፋስ ጭሱን መልሶ ወደ ውስጥ ይስበዋል። ከጭሱ ጋር ያለው ካርቦን ሞኖክሳይድ ሽታም ቀለምም የለውም፤ በራስ ምታትና በድብታ ሊታወቅ ይችላል። እንዲህ ያለ ነገር ሲሰማችሁ መስኮት ከፍታችሁ፥ መኪናው እንዲቆም ለሾፌሩ ንገሩት። ይህን መናገር ሾፌሩን መዝለፍ አይደለም፤ እርሱም የሚተነፍሰው ያንኑ አየር ነው።