የካማሺ ሳምቡሳ፦ የፍየል ሥጋና የቀርከሃ ቡቃያ ለከሰዓት ሻይ

አድማጮች፣ በብዙ የኢትዮጵያ ከተሞች ከሻይ ብርጭቆ ጎን የምትቀመጠው ሳምቡሳ ናት፤ አብዛኛውን ጊዜ ምስር፣ አንዳንዴም ሥጋ ተሞልታ። የዛሬው ዝግጅት ስለ ባለ ሥጋዋ ነው። እሷም በቤኒሻንጉል ጉሙዝ በምትገኘው ካማሺ የሚኖር ሰው በደጁና በጫካው በሚያገኘው ነገር የምትሞላዋ ናት።

ሳምቡሳ መንገደኛ ምግብ ናት። በ10ኛው መቶ ዓመት በባግዳድ የተጻፈ የምግብ አሠራር መጽሐፍ ያውቃታል፤ መነሻዋ ደግሞ ፋርስ እንደሆነ ይታመናል። በ14ኛው መቶ ዓመት ወደ ሕንድ የተጓዘው ኢብን ባቱታ በዴልሂ ቤተ መንግሥት የቀረበችለትን ሲገልጽ፣ የተከተፈ ሥጋ ከለውዝ ዘሮችና ከቅመም ጋር በስስ ሊጥ ተጠቅልሎ በቅቤ እንደሚጠበስ ጽፏል። ስለዚህ ሥጋን ከለውዝ ማጋባት የዛሬ ፈጠራ አይደለም። ካማሺም ለዚህ ጋብቻ የምትጨምረው የራሷ ነገር አላት።

በቤኒሻንጉል ጉሙዝ የቆላ ቀርከሃ በሰፊው ይበቅላል። ክረምት ሲገባ ቡቃያው ከመሬት ብቅ ይላል፤ የጉሙዝና የበርታ ሰዎችም ለጋውን ቀቅለው ይመገቡታል። ይህ ቡቃያ ከሥጋ ጋር ሲገባ ሳምቡሳዋን ከጥርስ ሥር የሚሰማ ጥሩ ጥንካሬ ይሰጣታል። ሆኖም ጥሬው ሲያናይድ የሚያመነጭ ንጥረ ነገር ስላለው በጥሬው አይበላም። ልጣጩ ተገፎ፣ ልቡ በስሱ ተቆርጦ፣ ድስቱ ሳይከደን በብዙ ውኃ በደንብ ይቀቀላል። ክዳን የማይደረግበት ምክንያት መርዙ በእንፋሎት እንዲወጣ ነው። የመጀመሪያው ውኃ ተደፍቶ በአዲስ ውኃ ይደገማል። አሁንም የሚመር ከሆነ ገና አልበቃውም ማለት ነው።

ለግማሽ ኪሎ የተፈጨ የፍየል ሥጋ ሁለት እፍኝ የተቀቀለ ቡቃያና አንድ እፍኝ ለውዝ ይበቃል። ለውዙ ተቆልቶ በሙቀጫ ሸካራ ሆኖ ይወቀጣል። ሽንኩርት በጥቂት ዘይት ከተቁላላ በኋላ ዝንጅብል፣ ነጭ ሽንኩርትና ትንሽ ኮረሪማ ይጨመርበታል፤ ሥጋው የሚከተለው ከዚያ ነው። ቡቃያው በእጅ ተጨምቆ ከለውዙና ከቃሪያ ጋር መጨረሻ ላይ ይገባል።

አብዛኛው ሳምቡሳ የሚበላሸው እዚህ ላይ ነው። ሥጋው ውኃውን ሳይመጥ ከወረደ እርጥበቱ ሊጡን ያላላዋል፤ ዘይት ውስጥ ስትገባም ትፈነዳለች ወይም ዘይት ትጠጣለች። ድስቱ ሲዘነበል ፈሳሽ ወደ ጠርዙ የማይወርድ እስኪሆን ድረስ መታገስ ያስፈልጋል። ከዚያም ሙሌቱ ሙሉ በሙሉ መቀዝቀዝ አለበት፤ ትኩሱ እንፋሎት ሊጡን ያርሰዋልና።

ሊጡ ከስንዴ ዱቄት፣ ከጨውና ከትንሽ ዘይት ጠንከር ተደርጎ ይቦካል። ግማሽ ሰዓት ካረፈ በኋላ በስሱ ይዳመጣል። በሦስት ማዕዘን ተጠቅልሎ ጠርዙ በውኃ በተበጠበጠ ዱቄት ይለጠፋል። ዘይቱ ከ170 እስከ 180 ዲግሪ ሲሞቅ ጥሩ ነው። መለኪያ ከሌለ ቁራጭ ሊጥ ይጣልበታል፤ ወዲያው አረፋ አውጥቶ ከተንሳፈፈ ደርሷል። ብዙ ሳምቡሳ በአንዴ መጨመር ዘይቱን ያቀዘቅዘዋል።

የካማሺ ሙቀት ሌላ ጥንቃቄ ይጠይቃል። የበሰለ ሥጋ በክፍል ሙቀት ከሁለት ሰዓት በላይ መቆየት የለበትም፤ ሙቀቱ ከ32 ዲግሪ ሲያልፍ ደግሞ ከአንድ ሰዓት በላይ። እንግዳ የሚዘገይ ከሆነ ሙሌቱን ብቻ አዘጋጅቶ ማቀዝቀዣ ውስጥ ማቆየትና ሻዩ ሲፈላ መጥበስ ይሻላል።

ረቡዕና ዓርብ ጿሚ ያለበት ቤትም ከዚያው ሻይ አይቀርም። ቡቃያውና ለውዙ ከምስር ጋርም ይስማማሉ። የጾሙ ሳምቡሳ ግን ንጹሕ ዘይት ውስጥ አስቀድሞ ይጠበሳል፣ በሌላ ሳህንም ለብቻው ይቀመጣል፤ ባለ ሥጋዋ ከዚያ በኋላ ትገባለች።