የሸማው ጥለት



በዓል በደረሰ ጊዜ ከሽሮ ሜዳ ገዝተን የምንለብሰው፣ ጥለቱ እንደ ቀስተ ደመና የሚያበራው ነጭ ሸማ የማን እጅ እንደ ሠራው መጠየቅ ልማዳችን አይደለም፤ ነገር ግን በእንጦጦ ግርጌ ባሉት ጠባብ ጎጆዎች ውስጥ፣ ከጋሞ ደጋ፣ ከጨንቻና ከዶርዜ የመጣ፣ «አዲስ አበባ ወስጄ አስተምርልሃለሁ» ተብሎ ለአባቱ ቃል የተገባለት ሕፃን፣ እግሮቹን ወደ ሽመናው ጉድጓድ ሰድዶ፣ በድሩ መካከል መወርወሪያውን ሲያመላልስ ከማለዳ እስከ ሌሊት የሚውልበት ጊዜ አለ። ልጅ ካባቱ ጎን ተቀምጦ ሽመናን መውረሱስ ክብር ነው፤ ነውሩ ልጁን እንደ ሸቀጥ መውሰዱ ላይ ነው። ወሳጁም ብዙ ጊዜ ባዕድ ሳይሆን ዘመድ ወይም ጎረቤት ነው፤ ዮሴፍንም ለሽያጭ ያቀረቡት የገዛ ወንድሞቹ ነበሩ።

በሰው መነገድን የሚከለክለው አዋጅ ቁጥር 1178/2012 ሕፃኑ «እሺ» ብሎ ቢሄድ እንኳ ፈቃዱ ለነጋዴው መከላከያ እንዳይሆን ደንግጓል። ከዚያ መከራ የወጣው ልጅ ግን አውቶቡስ ተሳፍሮ ወደ ቀዬው በመመለሱ ብቻ አልዳነም፤ ባዶ እጁን በመግባቱ የሚያፍር፣ ስሙ በድንገት ሲጠራ የሚደነግጥ ነውና፣ «ምን ይዘህ መጣህ?» ብሎ ከሚጠይቀው ይልቅ ወደ ትምህርት ገበታው የሚመልሰውና በትዕግሥት የሚያዳምጠው ሰው ያስፈልገዋል።

አድማጮች ሆይ፣ በሰፈራችሁ ሸማ ሲሠራ እንጂ ደብተር ይዞ ሲወጣ አይታችሁት የማታውቁት ሕፃን ካለ፣ ዛሬውኑ ለወረዳው የሴቶችና ሕፃናት ጽሕፈት ቤት ወይም ለፖሊስ አስታውቁ።