ሮዝ ውቅያኖስ

ካርታን በክር የሚሠራ ጠቢብ ሲነሳ ተረት ይመስለናል። በገሃዱ ዓለም ግን ነበሩ፤ አፍጋኒስታን ውስጥ፣ ሴቶች።

ጣሊያናዊው ሠዓሊ አሊጊዬሮ ቦዬቲ እ.ኤ.አ. በ1971 ካቡል ሄደና የዓለምን ካርታ ጨርቅ ላይ አስነድፎ ለጥልፍ ባለሙያዎች ሰጠ። እያንዳንዱ አገር በባንዲራው ቀለም ይሞላል። አንዱን ትልቅ ካርታ ለመጨረስ ከዓመት በላይ የሚፈጅበት ጊዜ ነበር፤ መርፌ አይቸኩልም።

አፍጋኒስታን ባሕር የላትም። ታዲያ አንድ ጊዜ ውቅያኖሱ ሰማያዊ መሆኑ ቀርቶ ሮዝ ሆኖ መጣ፤ በእጃቸው የተትረፈረፈው ሮዝ ክር ነበርና። ሌላ አሠሪ ቢሆን አስፈትቶ በድጋሚ ያሠራቸው ነበር። ቦዬቲ ግን ደስ አለው። ከዚያ ወዲያ የባሕሩን ቀለም ለእነሱ ምርጫ ተወው።

እኔን ይበልጥ የሚይዘኝ የባንዲራው ነገር ነው። መንግሥት ሲለወጥ፣ አገር ሲፈርስ፣ ቀጣዩ ካርታ ላይ ክሩም ይቀየራል። በ1979 መጨረሻ የሶቪየት ጦር አፍጋኒስታን ሲገባ ደግሞ የጠላፊዎቹ የራሳቸው ኑሮ ተናጋ። ሥራው ወደ ፓኪስታን፣ ፔሻዋር ወደሚኖሩ አፍጋናውያን ስደተኞች ተሻገረ። ቦዬቲ በ1994 እስኪሞት ድረስም ዘለቀ።

ዛሬ ካርታዎቹ በታላላቅ ሙዚየሞች ተሰቅለው ይታያሉ፣ በሠዓሊው ስም። ሐሳቡ የእሱ ነው፣ አልክድም። ግን ያን ሁሉ ወር ጎንበስ ብለው ከጠለፉት መካከል የአንዷ ስም እንኳ ከጎኑ ቢጻፍ ደስ ባለኝ።