«አይረፍድም ወይ?»



ዝግጅት ስናሰናዳ ሳንደናገጥ ሥራችንን እንዴት በሥርዓት እንደምንይዝ እንድናገር ተጠይቄአለሁ። እውነቱን ለመናገር፣ ይህን የተማርኩት ከራሴ ጥፋት ነው።

አምና ለስግድ ወደ ኢየሩሳሌም የሚሄደውን አውቶቡስ የማዘጋጀው እኔ ነበርኩ። ሰው መመዝገቡን፣ ከሹፌሩ ጋር መነጋገሩን፣ ውሃውን፣ ጾም ሲፈታ የሚበላውን ዳቦ፣ ሁሉንም ብቻዬን ያዝኩት። ዋዜማው ላይ ስልኬ አላርፍ አለኝ። በዚህ መሀል አንዲት እናት ደወሉ።

«ልጄ፣ አውቶቡሱ በስንት ሰዓት ነው?»

«በሰባት።»

«አይረፍድም ወይ?»

ዋትሳፑም ሌላውም ይጮህብኛል። «አይዞዎት፣ አይረፍድም» ብዬ ዘጋሁት።

የእኔ ሰባት የእስራኤል ሰዓት ነው፣ ጠዋት። የእሳቸው ሰባት ግን እንደ አገር ቤት አቆጣጠር ከቀትር በኋላ ነው። እኛ አርሞን ሀናትሲቭ ደርሰን ቄሶቹ ኦሪት ሲያነቡ፣ እሳቸው ጾመው፣ ነጭ ለብሰው ቤታቸው ቁጭ ብለዋል። በሰዓታቸው ሲወጡ መንገዱ ላይ ማንም የለም።

ማታ ይቅርታ ልጠይቅ ሄድኩ። አልተቆጡም። «ጠይቄህ ነበርኮ ልጄ» ብቻ አሉኝ። ቢቆጡኝ ይሻለኝ ነበር። ቡና እያፈሉ የአገራቸውን ስግድ አጫወቱኝ። ከሩቅ መንደር የሚመጣው ቀድሞ ይነሣል፣ የሚጋግረው ይጋግራል፣ የሚያርደው ያርዳል። ስልክ የለ፣ ግን ሁሉም የየራሱን ሥራ ያውቃል።

«ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክም፣ ለሃምሳ ሰው ጌጥ» የሚባለው ያኔ ገባኝ። ዘንድሮ እንዲህ አደረግን።

አንደኛ፣ ቶሎ ጀመርን። ስግድ ከዮም ኪፑር በኋላ በ50ኛው ቀን ነው፤ ቀኑ ድንገት አይመጣብንም። ሥራውን በወረቀት ጽፈን፣ በእያንዳንዱ ሥራ ፊት የአንድ ሰው ስም አስቀመጥን። «ሁላችንም እናየዋለን» የተባለን ሥራ ማንም አያየውም።

ሁለተኛ፣ ሰዓቱን ከመድረሻው ወደ ኋላ ቆጠርን። በ9 እዚያ ለመድረስ፣ መንገዱ ሁለት ሰዓት ከሆነ፣ በ7 መነሣት አለብን። ሽማግሌዎቻችን ቀስ ብለው እንዲሳፈሩ ደግሞ በ6:30 እንሰበሰባለን። ለትልልቆቹ «ጠዋት፣ በአገር ቤት አቆጣጠር ከአሥራ ሁለት ተኩል» ብለን ነገርናቸው።

ሦስተኛ፣ የነገርነው ሰው መልሶ እንዲነግረን ጠየቅን። ግማሽ ደቂቃ ነው የሚፈጀው። ዋዜማው ላይም ስልኩን የሚያነሳ ሌላ ልጅ መደብን።

ድንጋጤ የሚመጣው ከሥራው ብዛት ብቻ አይመስለኝም። ሁሉን ካልያዝኩ ማለትም ያመጣዋል። የተጣደፈ ሰው ጆሮ የለውም፤ እኔ ያን ቀን ጆሮ አልነበረኝም።

ወላጆቻችን፣ እናንተም አንድ ነገር አግዙን። «ልጆቹ ያውቃሉ» ብላችሁ አትተዉን። አይረፍድም ወይ ብላችሁ ካልሰማናችሁ፣ ደግማችሁ ጠይቁን።

ዘንድሮ ዝርዝሩ ላይ መጀመሪያ የተጻፈው የእኚያ እናት ስም ነው። ከሁላችንም ቀድመው መጡ።

ለከርሞው በሰላም ያድርሰን።