ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦ
(በዕድራችን ዓመታዊ ጠቅላላ ስብሰባ ላይ የተደረገ ንግግር)



እንድናገርበት የተሰጠኝ ርእስ የመንግሥት ሠራተኞች ጡረታ ነው። በመካከላችን ጡረታ የወጡ፣ ለመውጣት የተቃረቡ፣ የሟች የትዳር ጓደኛቸውን አበል የሚቀበሉም አሉ። ስለ አበሉ ማነስ ግን አልናገርም፤ እሱን ከእኔ ይልቅ እናንተ ታውቁታላችሁ። የምናገረው አበሉ ስለሚወሰንበት መንገድ ነው።

አባቶቻችን «በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ፣ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ» ይላሉ። ሰው ተጠይቆ፣ ተሰምቶ፣ ምክንያቱም ተነግሮት በቅሎውን ቢያጣ ይችለዋል። ሳይጠየቅ የተወሰደችበት ጭብጦ ግን ስታንገበግበው ትኖራለች።

በመጀመሪያ ጡረታ ችሮታ አለመሆኑን እንወቅ። በ1955 ዓ.ም. አዋጅ ቁጥር 209 ከወጣ ወዲህ ሕጉ ብዙ ጊዜ ተሻሽሏል፤ በ2003 ዓ.ም. አዋጅ ቁጥር 714፣ በ2014 ዓ.ም. ደግሞ አዋጅ ቁጥር 1267 ወጥተዋል። የሲቪል ሠራተኛው ከደመወዙ 7 በመቶ፣ መሥሪያ ቤቱ ደግሞ 11 በመቶ ያዋጣሉ። ስለዚህ ጡረተኛው መስኮት ላይ ቆሞ የሚጠይቀው የራሱን ነው።

ትንሽ ስሕተት ምን ያህል እንደምትጎዳ በቁጥር እንየው። በአዋጅ ቁጥር 714 ስሌት 10 ዓመት ያገለገለ የሲቪል ሠራተኛ የመጨረሻዎቹን 3 ዓመታት አማካይ ደመወዝ 30 በመቶ ያገኝ ነበር፤ ከዚያ በላይ ላለው ለእያንዳንዱ ዓመት 1.25 በመቶ ይጨመርለታል። እንግዲህ አማካይ ደመወዙ 4,000 ብር የሆነ ሰው 25 ዓመት አገለገለ እንበል፤ የሚደርሰው 1,950 ብር ነው። ከማኅደሩ የ5 ዓመት ማስረጃ ጠፍቶ በ20 ዓመት ቢታሰብለት 1,700 ብር ይሆናል። በወር 250፣ በዓመት 3,000 ብር ጎደለ ማለት ነው። በዚያው አዋጅ ለሚስት የሚተላለፈው የባል አበል ግማሽ ስለነበረ፣ ሰውየው ቢሞት ጉድለቱም አብሮ ይወረሳል።

ታዲያ እንዲህ ያለ ውሳኔ ሲሰጥ ምን መደረግ አለበት? አንደኛ፣ ባለጉዳዩ አስቀድሞ ይነገረው፤ አበሉ መቀነሱን ባንክ ሄዶ ማወቅ የለበትም። ሁለተኛ፣ ያለውን ማስረጃ ያቅርብ፣ ይሰማ። ሦስተኛ፣ ውሳኔው ከነምክንያቱ በጽሑፍ ይሰጠው። አራተኛ፣ ቅር ቢለው ወዴት አቤት እንደሚል ይነገረው። በ2012 ዓ.ም. የወጣው የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183 ሰውን ሰምቶና ምክንያትን ጽፎ መወሰንን የፌዴራል መሥሪያ ቤቶች ግዴታ አድርጎታል። ነገሩ ለእኛ አዲስ አይደለም። በዕድራችንስ መዋጮ የተወዘፈበት አባል ሳይጠራና ሳይጠየቅ ይሰረዛል እንዴ?

የመሥሪያ ቤቱንም ወገን እንይ። የጡረታ ገንዘብ የሁሉም ነው፤ በሐሰት ማስረጃ የሚወጣ ብር ከሌላው ጡረተኛ ጉሮሮ የሚነጠቅ ነው። ስለዚህ ማጣራቱ ተገቢ ነው። ነገር ግን ሰውን ሰምቶ የሚያጣራ ሹም እውነቱን ቶሎ ያገኛል፤ በሩን ዘግቶ የሚወስን ግን አጭበርባሪውንና ባለመብቱን ባንድ ጅራፍ ይገርፋል።

ከእኛስ ምን ይጠበቃል? በሥራ ላይ ያላችሁ የቅጥር፣ የዝውውርና የደመወዝ ደብዳቤዎቻችሁን ዛሬውኑ ሰብስቡ። በመጀመሪያ ቅጥር ጊዜ የተሞላው ዕድሜ በኋላ ዋና ማስረጃ ስለሚሆን ምን ተብሎ እንደተጻፈ እዩ። ስማችሁ በየወረቀቱ አንድ ዓይነት ይሁን። ጡረታ የወጣችሁ ደግሞ «ነገ ተመለስ» ሲሏችሁ ጥያቄያችሁን በጽሑፍ አስገቡ፤ ቀንና ማኅተም ያለበት ቅጂም ያዙ። የማኅበራዊ ዋስትና ጉዳዮችን የሚያይ ይግባኝ ሰሚ ጉባኤ አለ፤ የይግባኝ ጊዜው የተወሰነ ስለሆነ ግን ውሳኔው በደረሳችሁ ዕለት ቀን ቁጠሩ። የሕዝብ እንባ ጠባቂ ተቋምም የአስተዳደር በደል አቤቱታን ያለ ክፍያ ይቀበላል።

በመጨረሻም ለኮሚቴው አንድ ሐሳብ አቀርባለሁ። አባል ሲሞት ድንኳን እንተክላለን፣ እናስተዛዝናለን፤ ሳልስት ሲያልፍ ግን ባልቴቲቱ ወረቀቷን ይዛ ብቻዋን ትንከራተታለች። ከመካከላችን ጽሕፈት የሚችሉ ሁለት ሰዎች ተመርጠው ማመልከቻ ቢጽፉላት፣ አብረዋት ቢሄዱና ማስረጃዋን ቢያደራጁላት፣ ይኸም ከቀብሩ የማያንስ የዕድር ሥራ ነው።