አብሮ ማርጀት፣ ተዘጋጅቶ መሰናበት

(ለሰበካ ጉባኤያትና ለአጥቢያ የልማት ኮሚቴዎች የቀረበ ንግግር)

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ፤ አሜን።

የተከበራችሁ አባቶቻችን ካህናት፣ የሰበካ ጉባኤ አባላት፣ እናቶቻችንና ወንድሞቻችን፤

አብርሃምና ሣራ ከአገራቸው በአንድነት ወጡ፤ በድንኳን ኖረውም በአንድነት አረጁ። ሣራ በ127 ዓመቷ ባረፈች ጊዜ አብርሃም አለቀሰላት። ከልቅሶውም ተነሥቶ ከኬጢ ልጆች ጋር ተነጋገረ። መቃብሩን በነጻ ሊሰጡት ቢሹም፣ በከተማይቱ በር በተሰበሰቡት ፊት 400 ሰቅል ብር መዝኖ የማክፌላን ዋሻ ርስት አድርጎ ገዛ። ኋላም እርሱ ራሱ በዚያው ከእርስዋ ጋር ተቀበረ። እንባው ፍቅር ነበረ፤ በምስክር ፊት የተመዘነው ብርም ፍቅር ነበረ።

በየአጥቢያችን ዓይኑ የደከመ ባሏን እጁን ይዛ ለቅዳሴ የምታደርስ እናት፣ ጆሮዋ ለከበዳት ሚስቱ የካህኑን ቃል ደግሞ የሚነግር አባት አሉን። በሽምግልናቸው በአንድነት ቆርበው፣ መግነዛቸውን በሣጥን አኑረው ይጠባበቃሉ። «ማናችን እንቀድም ይሆን?» ሲባባሉ የሚያስጨንቃቸው የሚቀረው ሰው ብቸኝነት ነው።

ለነፍሳቸው የተዘጋጁት ግን ለቀሪው ሳይዘጋጁለት ይገኛሉ። የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕጋችን ባልን ወይም ሚስትን ያለ ኑዛዜ ከሚወርሱት አይቆጥርም። በትዳር ካፈሩት ንብረት እኩሌታው የቀሪው ቢሆንም የሟች ድርሻ ወደ ልጆች ወይም ወደ ሥጋ ዘመዶች ይሄዳል፤ ቤቱም ለክፍፍል ሊሸጥ ይችላል። ስለዚህ የንስሐ አባቶች በጤናቸው ሳሉ ኑዛዜ እንዲያደርጉ ይምከሯቸው። በግልጽ የሚደረግ ኑዛዜ በጽሑፍ ሰፍሮ በተናዛዡና በ4 ምስክሮች ፊት ይነበባል፤ ይህ መፈጸሙና ቀኑ በኑዛዜው ውስጥ ይጻፋል፤ ወዲያውም ሁሉም ይፈርሙበታል።

ከ40 ቀን ተዝካር በኋላ ለቀስተኛው ይበተናል፤ ቡናውም ለአንድ ሰው ብቻ ይፈላል። የእኛ ሥራ የሚጀምረው ያን ጊዜ ነው። ኮሚቴዎች ከዕድሮች ጋር ተመካክረው የጠያቂ ተራ ያውጡ። የሰንበት ትምህርት ቤት ወጣቶች ውኃ ይቅዱላቸው፤ እጃቸውን ይዘው ለቅዳሴ ያድርሷቸው። ይህ ሁሉ በጀት አይጠይቅም፤ ስማቸውን መዝግቦ ደጃቸውን ማንኳኳት ብቻ ይበቃል።

አምላከ አብርሃም ለአረጋውያኑ መልካም ፍጻሜን፣ ለእኛም የማይሰለች አገልግሎትን ይስጠን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።