ዛቻ ሲመጣ ከፍርድ ቤት ምን እንጠይቅ?



ዓለም ገና የጅማና የቡታጅራ መንገዶች የሚለያዩባት ከተማ ናት። የቦታ ዋጋ እየናረ ሲሄድ፣ ትናንት ማንም ዞር ብሎ ያላየው ግቢ ዛሬ የሚያጣላ ሆኗል። ባሏ የሞተባት ወይም የተፋታች እህታችን ላይ ደግሞ ክርክሩ ችሎት ሳይደርስ በር ላይ ይጀምራል። «ካልወጣሽ ወዮልሽ» ትባላለች፤ አጥሯ ይፈርሳል፤ መብራቷ ይቆረጣል።

የዛቻው ዓላማ ፈርታ እንድትወጣ ነው። ከወጣች ዛቻ ያቀረበው ሰው ገብቶ ይቀመጥና ክርክሩን በእሷ ቤት ውስጥ ሆኖ ይቀጥላል።

ብዙዎቻችን «ፍርድ ቤት፣ ፖሊስ እንዲጠብቀኝ ይዘዝልኝ» እንላለን። ኡጋንዳ እ.ኤ.አ. በ2010፣ ኬንያ በ2015 በቤተሰብ ውስጥ ጥቃት ለሚደርስበት ሰው ፍርድ ቤት የጥበቃ ትእዛዝ የሚሰጥበትን ሕግ አውጥተዋል። እኛ እንዲህ ያለ ራሱን የቻለ ሕግ ገና የለንም። የምስክሮችና የወንጀል ጠቋሚዎች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 699/2003ም የታሰበው ለከባድ ወንጀሎች ነው። ስለዚህ ያለንን መከላከያ ከተለያዩ ሕጎች ማሰባሰብ አለብን።

የመጀመሪያው የዛቻው ነው። በ1996 ዓ.ም. የወንጀል ሕግ አንቀጽ 580 ሰውን በሚያስደነግጥ ሁኔታ ማስፈራራት ወንጀል ነው። ነገር ግን የሚያስቀጣው ተበዳይዋ አቤት ስትል ነው፤ ጊዜውም ድርጊቱንና አድራጊውን ካወቀችበት ቀን ጀምሮ 3 ወር ብቻ ነው። ሽማግሌ እየጠበቅን ይህ ጊዜ እንዳያልፍብን። ሽምግልናው ይቀጥል፤ አቤቱታው ግን ይመዝገብ። ዛቻው ይፈጸማል ተብሎ የሚያሰጋ በቂ ምክንያት ካለም ፍርድ ቤት ዛቻ ያቀረበው ሰው የመልካም ጠባይ ዋስትና እንዲሰጥ ማዘዝ ይችላል።

ሁለተኛው የይዞታው ነው። በ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ አንቀጽ 1149 መሠረት ይዞታዋ የተነካባት ሴት «ሁከት ይወገድልኝ» ብላ መክሰስ ትችላለች። ይህ ክስ በ2 ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት። የክሱ ጥቅም የባለቤትነቱ ክርክር እስኪያልቅ መጠበቅ አለማስፈለጉ ነው። ተከሳሹ ድርጊቱን የሚፈቅድለት መብት እንዳለው ወዲያውኑና በማያጠራጥር ሁኔታ ካላስረዳ፣ ፍርድ ቤቱ ሁከቱ እንዲቆም ያዛል። ካርታ የሌላት እህት አያያዟ ሕጋዊ አይደለም የሚል መከራከሪያ እንደሚቀርብባት አስቀድማ ትወቅ። ውሏን፣ የግብር ደረሰኟንና የመብራት ቢሏን ታሰባስብ፤ ዕድርተኞቿንም ምስክር ትቁጠር።

ሦስተኛው እግድ ነው። ክስ ከተከፈተ በኋላ፣ ፍርድ እስኪሰጥ ድረስ ንብረቱ እንዳይፈርስ፣ እንዳይሸጥ ወይም እንዳይተላለፍ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 154 እግድ መጠየቅ ይቻላል። ፖሊስን የሚመለከተው ጥያቄያችን የሚገባው እዚህ ላይ ነው። በማመልከቻው «ፖሊስ የእግዱን መከበር እንዲከታተል ይታዘዝልኝ» ተብሎ በግልጽ ይጻፍ። ትእዛዙ ሲሰጥም ግልባጩ ጣቢያ መድረሱን እናረጋግጥ፤ የተቀበለውን ሰው ስምና ቀኑን እንያዝ። መዝገብ ቤት የቀረ ትእዛዝ ሌሊት በር ሲንኳኳ አያድንም።

የክልላችን ፍርድ ቤቶች የሥራ ቋንቋ አፋን ኦሮሞ ነው። ስለዚህ ቋንቋውን የምትችሉ አባላት ማመልከቻ በማንበብና በማስረዳት ማገዝ ትችላላችሁ። ጣቢያም ሆነ ችሎት ማንም እህት ብቻዋን አትሂድ። ሁለት ሴቶች አብረው ሲሄዱ ፈሪዋ ትጠነክራለች፤ የሚሰማትም ያገኛታል።

ደጋፊዎቻችን ሆይ፣ አንዲት እናት ክስ ለመክፈት የዳኝነት፣ የማመልከቻ ጽሑፍና የመመላለሻ ትራንስፖርት ወጪ አለባት። ሕጉ የሰጣትን ጊዜ ገንዘብ ስትፈልግ ልትጨርሰው ትችላለች። ድጋፋችሁ ከሁሉ አስቀድሞ የሚያስፈልገን ለዚህ ነው።

ሕገ መንግሥታችን በአንቀጽ 35 ሴቶች ንብረት የማፍራት፣ የማስተዳደርና የመጠቀም መብት እንዳላቸው ይናገራል። ይህ መብት በር ላይ በሚሰማ ዛቻ እንዳይነጠቅ፣ ዛቻ የደረሰባት እህት በዚያው ሳምንት ትንገረን።